የተጀመረ ጨዋታ አይገባም

እስቲ አሁን በዚህ ነገር ሰው ይኮራል? ሞባይል ጠጋኙ ግን ይኮራ ነበር። ስልኩ ላይ በሚጫወተው የተኩስ ጌም የተሸነፈባቸው ጨዋታዎች በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። ይህንንም ጌሙ ራሱ ከስሙ ሥር በአረንጓዴ ቀለም ጽፎለታል። ስክሪኗ የተሰበረባት ደንበኛ ልጇን አዝላ ብትመጣ እንኳ መጀመሪያ አረንጓዴውን ቁጥር ሳያሳያት ስልኳን አይቀበላትም። በጥገና ሱቆቹ ረድፍ ያሉት ጠጋኞች ሁሉ «ንጹሁ» ይሉታል። ስሙን ያወጣው ራሱ ነው። እነሱ የሚጠሩት ለማሾፍ ነበር፤ እሱ ደግሞ ከልባቸው ይመስለዋል። ምን ይደረግ።

የንጽሕናውን ነገር ልንገራችሁ። ጌሙ አምስት ለአምስት ነው። ከአንዱ ቡድን አንድ ሰው ተናዶ ወይም ባትሪ አልቆበት ሲወጣ፣ ጌሙ «ጀምር» ብሎ ከሚጠብቀው ሕዝብ መሃል አንዱን ብድግ ያደርግና ክፍት ቦታው ላይ ይወረውረዋል። ሰውየው አዲስ ጨዋታ ሲጠብቅ፣ ሌሎች ሲያበላሹት የቆዩት ጨዋታ መሃል ራሱን ያገኘዋል። ንጹሁ ይህንን እንደ ስድብ ነው የሚቆጥረው። «ሌላው በልቶ የተወውን ሳህን እጠብ እንደማለት ነው!» ይላል፤ ይህን ሲል ደግሞ አፍንጫውን ሽቅብ ይነፋል።

ስለዚህ ጌሙን ሲከፍት ዓይኑን ከስክሪኑ አይነቅልም። አዲስ ጨዋታ ከሆነ ወደ ኋላ ይቆጠራል። የተጀመረ ከሆነ ግን ቆጠራ የለም፤ ውጤቱ ወዲያው ጥግ ላይ ብቅ ይላል። ያኔ ንጹሁ አውራ ጣቱን «ውጣ» የሚለው ላይ አድርጎ ውጤቱን ያያል። ቡድኑ እየመራ ከሆነ «ዕድል ነው» ብሎ ይቀመጣል። አዎ፣ ይቀመጣል! መርሑ እዚያ ላይ ትንሽ ይለሰልሳል። እየተመራ ከሆነ ግን እልም ይላል። መሃል ላይ የገባ ሰው ቶሎ ከወጣ ጌሙ ሽንፈት አይጽፍበትም። ከመጀመሪያው የገባበት ጨዋታም ቢሆን ካላማረው የአውሮፕላኗን ምልክት ይነካታል፤ ጌሙም ምስኪን፣ ኔትወርክ ጠፋበት ብሎ ያዝንለታል። በፊት ከአክስቱ ልጅና ከሰፈር ጓደኞቹ ጋር አምስት ሆነው ይገቡ ነበር፤ ሙሉ ቡድን የተጀመረ ጨዋታ ላይ አይጣልምና። አንድ በአንድ እየሰደበ ጨረሳቸው። አሁን ብቻውን ነው።

ይህ ሁሉ ሆኖ ሰውዬው መውደድ ያውቃል፤ ይህንን አልነፍገውም። ከሱቁ ፊት ለፊት ያለው መድኃኒት ቤት የምትሠራውን ፋርማሲስት ይወዳታል፤ ያውም አንጀቱ እስኪላወስ። ራስ ምታት ሳይኖረው የራስ ምታት መድኃኒት ሲገዛ ከርሟል። እሷም ወደደችው፤ እንዴት እንደሆነ እሷ ትወቀው። ስለ ጋብቻ ሲያነሳ ግን ነገሩን ፊት ለፊት ነገረችው።

«አባዬ ዓይኑ እየደከመ ነው። እኔ ብቻ ነኝ ያለሁት፣ ጥዬው አልወጣም። የምንኖረው ከሱ ጋር ነው። እሑድ ና ተዋወቀው። ከሱ ጋር መኖር ካልቻልክ፣ የኔ ውድ፣ እኔንም እርሳኝ።»

«ምን ችግር አለው!» አለ ንጹሁ። «አባትሽ ማለት አባቴ ማለት አይደሉም እንዴ?»

እሑድ ከሰዓት በኋላ ሸሚዙን ተኩሶ፣ ጫማውን ወልውሎ፣ ገና ሰዓቱ ሳይደርስ አልጋው ጫፍ ላይ ቁጭ አለ። «እስቲ ለመረጋጋት አንዲት ጨዋታ» አለና ስልኩን አወጣ። ሰው ለመረጋጋት ውኃ ይጠጣል፣ እሱ ይተኩሳል።

ቆጠራ የለም። ውጤቱ ጥግ ላይ ብቅ አለ፤ ስልሳ ሦስት ለአሥራ አንድ እየተመሩ ነው። ቡድኑ ውስጥ የቀረው አንድ ሰው ብቻ ሲሆን፣ የጌም ስሙ «ተተኪው» ይላል።

«እንኳን መጣህልኝ ልጄ!» አለ በስልኩ የሽማግሌ ድምፅ። «ሁሉም ጥለውኝ ሄዱ። አንተ ደረጃውን ያዝልኝ፣ እኔ በሩን እጠብቃለሁ።»

ሌላ ጊዜ ቢሆን ንጹሁ ትንፍሽ ሳይል ነበር የሚወጣው። ያን ዕለት ግን ነርቩ ተነክቶ ስለነበር ማይኩን ከፈተ።

«አንተ ሽማግሌ፣ ይሄ ጨዋታ አይደለም፣ ለቅሶ ነው! ለቅሶ ደራሽ ፈልግ!» አለና ወጣ። «አንቱ» እንኳ አላላቸውም።

እንደገና «ጀምር» አለ። ጌሙ ክፍት ቦታ ያለው እዚያው ነበርና መልሶ እዚያው ወረወረው።

«ተመለስክ? ጎበዝ!» አሉ ሽማግሌው።

«ማን ይመለሳል! ጣሉኝ እንጂ! ጌሙን ያበላሻችሁት እናንተ ናችሁ። ጣትህ እየተንቀጠቀጠ ተኩስ ምን ያደርግልሃል? ሂድና ተኛ!» ብሎ ወጣ።

ለሦስተኛ ጊዜ ሲገባ ያው ሽማግሌ፣ ያው በር። ንጹሁ ጦፈ።

«አሁንም አለህ? ምን ዓይነት ጉድ ነው! ቤትህ ውስጥ ልጅ የለህም? ይሄን ነገር ነጥቆ የሚያስተኛህ ሰው የለም?»

«ልጅማ አለችኝ፣ ክፉ አይንካት» አሉ ሰውየው ሳይቆጡ። ወዲያው ከበስተኋላቸው ሌላ ድምፅ ገባ፤ «አባዬ፣ በቃ ዝጋውና ሸሚዝህን ቀይር! ሰውዬው ሊደርስ ነው እኮ!»

ያንን ድምፅ ንጹሁ ከሺህ ድምፅ መሃል ይለየዋል። ስልኩን ወርውሮ አልጋው ላይ ጣለው። «ወይኔ! ወይኔ! አለቀልኝ!» አለና ተኝቶ የነበረ ይመስል ፊቱን በሁለት እጁ አሸው።

የተሻለ ሰው ቢሆን ሄዶ «አባባ፣ የሰደብኩዎት እኔ ነኝ፣ ይቅር ይበሉኝ» ይል ነበር። የኛ ጀግና ግን ብልሃት አሰበ። ምን አሰበ? ድምፄን አጠፋለሁ! ጉንፋን ይዞኛል ብዬ በሹክሹክታ አወራለሁ! ዕድሜ ልኩን ከዚያች ቤት በሹክሹክታ ሊኖር ነው እንግዲህ።

በሩን የከፈተችለት ፋርማሲስቷ ነበረች። ጸጉሯን አሳምራለች፣ ፊቷ በርቷል።

«እንደምን ዋልሽ» አለ ንጹሁ እንደ ሌባ እያንሾካሾከ።

«ውይ! ድምፅህ ምን ሆነ?»

«ጉንፋን።»

«ትናንት ማታ ደህና አልነበርክ? ና ወደ ብርሃኑ። አፍህን ክፈት።» በመስኮቱ አጠገብ አቁማ የስልኳን መብራት አፉ ውስጥ አበራችበት። «አ በል። ጎላ አድርገህ። ጉሮሮህ ደህና ነው እኮ! ቅላትም የለው፣ እብጠትም የለው።»

«ውስጥ ውስጡን ነው» አለ በሹክሹክታ።

አባቷ ሶፋው ላይ ተቀምጠው ነበር። ረጅም ሰው ናቸው፤ መነጽራቸው እንደ ጠርሙስ ቂጥ የወፈረ፣ የቀየሩትም ሸሚዝ ቁልፉ አንድ ቀዳዳ ዘሎ የተቆለፈ። ከጎናቸው ለዓይናቸው እንዲመች የተገዛ ትልቅ ታብሌት አለ። ንጹሁ ታብሌቱን ሲያይ ላብ አጠመቀው። እሳቸው ግን ብድግ ብለው እጁን በሁለት እጃቸው ጨበጡት።

«አይ፣ አትልፋ፣ አታውራ» አሉ። «እኔ ዝምተኛ ሰው ደስ ይለኛል። የዛሬ ሰው አፉ አያርፍም። አሁን ቅድም እንኳ አንዱ እዚህ ጌም ላይ፣ ሂድና ተኛ አለኝ።»

«ማነው እሱ ባለጌ?» አለች ልጃቸው። «አባዬን እንዲህ ያለውን ባገኘው አሳየው ነበር!»

ንጹሁን የቀረበለት ውኃ ትን አለው። እሳቸው ጀርባውን መታ መታ አደረጉለትና ወሬ ለመቀየር ኪሳቸውን ዳበሱ።

«ጠጋኝ ነህ አሉኝ። እስቲ ይቺን ስልኬን እያት፤ ድምፅ ማጉያዋ እምቢ አለች።»

ስልኩን ገልብጦ አየ። ብሎኖቹ ተበልተዋል፣ ጠርዙ በሙጫ ተለቅልቋል። ሌላ ሰው ከፍቶታል ማለት ነው። በጥገናው ረድፍ ደግሞ ሌላ የከፈተውን ስልክ የሚቀበል የለም፤ የፊተኛው ያጠፋው ሁሉ በመጨረሻ በነካው ሰው ላይ ይላከካል። እንዲህ ያለ ስልክ ያየ ጠጋኝ ደሙ ይፈላል። የንጹሁም ፈላ፤ ጉንፋኑን ረሳው።

«ይሄን ማነው የነካካው?» ብሎ በሙሉ ድምፁ ጮኸ። «ይሄ ጥገና አይደለም፣ ለቅሶ ነው!»

አባትየው መነጽራቸውን አወለቁ፣ ጠረጉ፣ መልሰው አደረጉ።

«ለቅሶ ደራሹ!» አሉና በሳቅ ፈረሱ። «ለካስ አንተ ነህ! ሦስቴ መጥተህ ሦስቴ የሄድከው!»

«አባባ፣ እኔ... እርስዎ መሆንዎን ባውቅ ኖሮ...»

«ተወው፣ ምን ታፍራለህ። እኔ ተተኪ የአውቶቡስ ሹፌር ነበርኩ። ሌላው ታሞ ወይ ተጣልቶ መንገድ ላይ ጥሎት የሄደውን አውቶቡስ ነበር የምረከበው። ስገባ ተሳፋሪው ቀድሞ ተናዷል። ስድቡን የምጠጣው እኔ ነኝ። ያንተ ከዚያ አይብስም።»

ልጃቸው ግን አልሳቀችም። ሶፋው ጀርባ ቆማ ንጹሁን ታየው ነበር፤ አልተቆጣችም፣ አየችው እንጂ። እሱ ቁጣዋን ቢያገኝ በወደደ።

«በል ስልክህን አውጣ» አሉ አባትየው። «አብረን አንዲት ተጫውተን ይቅር እንባባል።»

ከዚህ በላይ ምን ይምጣለት? ሰማይ ተከፍቶ ይቅርታ ወረደለት ማለት ይቻላል። አጠገባቸው ተቀመጠ። አባትየው «ጀምር» ሲሉ እንደ ልማዳቸው የተጀመረ ጨዋታ ላይ ተጣሉ፤ ክፍት ቦታ ነበርና ጠሩት፣ ገባ። ሃያ ለአርባ እየተመሩ ነው። ብዙ አይደለም። ደህና ተጫዋች ይመልሰዋል።

ያኔ ነው ጉዱ የወጣው። ንጹሁ መጫወት አይችልም! ያ ሁሉ አረንጓዴ ቁጥር የተገኘው ሌሎች ሲያሸንፉ አብሮ በመቆም ነው እንጂ፣ ተመርቶ መጫወትን አንድ ቀን አልተማረውም። ከበሩ ሲወጣ ተመታ። ተነሥቶ ሲሮጥ ተመታ። አንዴማ ግድግዳ ሲተኩስ ቆይቶ ከኋላው ተመታ።

«ተረጋጋ ልጄ፣ ከኋላዬ ሁን» አሉት አባትየው ታብሌቱን አፍንጫቸው ድረስ አስጠግተው። ዓይናቸው የደከመው ሰው መሬት ለመሬት እየሄዱ፣ ቀስ እያሉ፣ አንድ ሁለት ሰው ጣሉ። እሱ አንድም አልጣለም። ፋርማሲስቷ ከጀርባቸው ሁለቱንም ስክሪን ታያለች። የንጹሁ ጆሮ ጋለ።

ውጤቱ እየሰፋ ሄደ። ትንሽ ከቆየ ሽንፈቱ በስሙ ይጻፋል፤ ያውቀዋል። ይቺን አንዲት ሽንፈት ዋጥ አድርጎ ቢቀመጥ ሚስት አገባ፣ ቤት አገኘ፣ አባት አገኘ። ይህንንም ያውቃል። አውራ ጣቱ ግን አላስቻላትም። «ውጣ» የሚለውን ነካችው።

አረንጓዴው ቁጥር እንዳለ ነበር። ንጹሁ እፎይ አለ፤ ከልቡ እፎይ አለ፤ ትንፋሹም ሶፋው ጀርባ ድረስ ተሰማ። ከዚያ ቀና ሲል ዓይኗ ላይ ወደቀ።

«ኔትወርክ ተቋረጠብኝ» አለ።

«የአባዬ ይሠራል» አለች።

አባትየው ቀና አላሉም፤ አሁን ያለ እሱ አምስቱን ተጋጣሚ ሁሉ እየሸሹ ነበርና ፋታ የላቸውም። «ተዪው ልጄ፣ ይለምዳል» አሉ ብቻ።

«ጨዋታ እኮ ነው!» አለ ንጹሁ ብድግ ብሎ። «ስለ ጨዋታ ነው እንዲህ የምታዪኝ?»

«አዎ፣ ጨዋታ ነው» አለች። ትወደው ነበር፣ ይህን መናገር ያማታል። «እኔ የምፈራው አባዬ ዓይኑ ጭራሽ የጠፋ ዕለት ምን ትሆናለህ፣ እኔ የታመምኩ ዕለት የት ትሄዳለህ እያልኩ ነበር። እሱ ከባድ ነው፣ ማንንም ሊያቅተው ይችላል። አንተን ግን ያቃተህ ጨዋታው ነው።»

እሷ ሄዳ በሩን ከፈተችለት። ጫማውን አጠለቀ፤ ክሩን ለማሰር ጎንበስ ብሎ ብዙ ቆየ፣ አንድ ሰው «ቆይ» ይለዋል ብሎ። የሚለው አልነበረም።

«ነገ መድኃኒት ቤት ብመጣስ?» አለ ደረጃው ላይ ሆኖ።

«ና» አለችው። «እንደማንኛውም ደንበኛ ትስተናገዳለህ።»