አባዬ እስኪሞት የጠየቀው ስም

ስምን መልአክ ያወጣዋል ይላሉ። የእኔን ያወጣው መልአክ ግን በጣም ቸኩሎ የነበረ መሆን አለበት። እትብቴ እንኳ ሳይቆረጥ፣ አባዬ ከማዋለጃው በር ላይ ሆኖ ጮኾ ነው የሰየመኝ። ትርጉሙ «ምትክ» ማለት ነው። የማን ምትክ? ከእኔ በፊት ተወልዶ የሞተው የወንድሜ። ኧረ እንዲያው በሞቴ፣ ሰው የሙት ቦታ ላይ ቁጭ በይ ተብሎ ይሰየማል? ለዚህ ነው ፀጉር ቤቴ የሚመጡ ደንበኞች «መቀሷ» ሲሉኝ ደስ የሚለኝ። አፌ አላርፍ ስለሚል ያወጡልኝ ነው፤ ይሁን፣ እሱ እንኳ የራሴ ነው።

ወንድሜ ደግሞ ጭራሽ ስም የለውም።

አባዬ ባዮኬሚስት ነበር። ወንድሜ ሲወለድ ገና ላቦራቶሪ የገባ ወጣት ነው። ሕፃኑ ደህና መስሎ ተወለደ፤ ከዚያ ጡት እምቢ አለ፣ እንቅልፍ አበዛ፣ የሽንት ጨርቁም የተቃጠለ ስኳር ይሸት ጀመር። ሌላ አባት ቢሆን ምንም አይገባውም ነበር። አባዬ ግን ያን ሽታ ከመጽሐፍ ያውቀዋል፤ የልጁን ደም ይዞ ወደ ሥራ ቦታው ሮጠ። እማዬ «ስም እናውጣለት» ስትለው «ውጤቱ ይምጣና በደስታ እንሰይመዋለን» አላት። እንዲህ ያለውን ስህተት የሚሠራ እንደ እሱ ያለ ሰው ብቻ ነው፤ ሳይለካ ለምንም ነገር ስም አይሰጥም። ውጤቱ መጣ። ልጁ ግን አልጠበቀም።

ካደግሁ በኋላ በሽታውን ሲያስረዳኝ «ኢንዛይም ማለት እንደ አንቺ መቀስ ነው» ይለኝ ነበር። «የበላነውን ቆራርጦ ለሰውነት ያመቻቻል። ወንድምሽ አንዲት መቀስ ጎደለችው። ያልተቆረጠው ተጠራቀመና መርዝ ሆነበት።» የበላው ምን ነበር? የእናቱን ጡት። እማዬ ይህን የሰማች ቀን ምን እንደሆነች አልነገረኝም፤ እኔም አልጠየቅኩ።

እንግዲህ አባዬ ዕድሜውን ሙሉ ያቺን የጎደለች መቀስ ሲሠራ ኖረ። ከየሆስፒታሉ የታመመ ሕፃን ደም ሲላክለት፣ መጀመሪያ ወላጆቹን ያስጠራና «የልጃችሁ ስም ትርጉሙ ምንድን ነው?» ይላቸዋል። ሳይነግሩት ሥራ አይጀምርም። ወላጆቹ ግራ ይገባቸዋል፤ ረዳቶቹም «ስም ጠያቂው» እያሉ በጀርባው ይስቁ ነበር። ማታ እራት ላይ ለእማዬ ያወራላታል። «ዛሬ የመጣችዋ የእናቷ እንባ ማበሻ ናት። የትናንቱ ደግሞ ቤቱን አቆመው ማለት ነው አሉኝ።» እሷ ሳህን ታነሳለች። እሱ «የእኛስ?» ይላታል።

«ሆድ ይፍጀው» ትለዋለች።

ምክንያቱም እማዬ ስም ነበራት። እርጉዝ ሳለች ነው የመረጠችው፤ ለማንም ሳትነግር፣ የስም ማውጫውን ቀን እየጠበቀች። ልጁ ሲሞት ያንን ስም ዋጠችው። «ስም መርጬለት ነበር፤ ወጥቶለት ቢሆን ጠርቼ እመልሰው ነበር» አለችው፤ «ያለ ስም ማን ብዬ ልጥራው?» አባዬ ስም መድኃኒት አይደለም ሊላት ይችል ነበር፤ የተማረ ነው። አላላትም። ብቻ ይጠይቃታል፣ እሷም ሆድ ይፍጀው ትላለች። እኔ በዚህ መሀል አደግሁ። ሌላ ቤት ባልና ሚስት ሲጣሉ ሳህን ይሰበራል፤ የእኛ ቤት ጠቡ ይህችው አንዲት ጥያቄ ነበረች።

ዘንድሮ አባዬ ታመመ። መድኃኒቱ ተሠርቶ አልቆ፣ ሕፃናት ላይ ተሞክሮ፣ ከተሞከረባቸው ብዙዎቹ ቆመው ሲሄዱ አይቶ ነው የታመመው፤ እሱስ እግዜር ይመስገን። የመጨረሻው ቀን እኔ እግሩ ስር ተቀምጬ ነበር። የእማዬን እጅ ያዘና «አሁንስ ንገሪኝ» አላት። «ስሄድ ማን ብዬ ልጥራው?» በሕይወቱ ሙሉ ከሞት በኋላ ስላለው ነገር ሲያወራ ሰምቼው አላውቅም። እማዬ ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች። እሱ ትንሽ ጠበቃት። ከዚያ «ይሁን» አለ። ሌላ ቃል አልተናገረም።

እኔ እሷን ያን ቀን ጠላኋት። እናቴ ናት፣ ብትሞትብኝ አብሬ እቀበራለሁ፣ ግን ጠላኋት። ሰው ለሚሞት ሰው አንዲት ቃል ይነፍጋል?

ከቀብሩ በኋላ አባዬ ይሠራበት የነበረው ኢንስቲትዩት ዳይሬክተር ልታስተዛዝነን መጣች። የአባዬ ተማሪ ነበረች፤ ድሮ «ስም ጠያቂው» ከሚሉት አንዷ፤ አሁን ስሙን ስታነሳ ድምጿ ይቆራረጣል። መድኃኒቱ ሊወጣ ነው አለችን። ሁሉም ሰው በእሱ ስም እንዲጠራ ይፈልጋል፤ እሱ ግን ሳይሞት አደራ ብሏታል። «የልጄ ስም ይሁን፤ እናቱ ትነግራችኋለች» ብሎ። ወደ እማዬ ዞራ «እትዬ፣ እስከ አርብ ቢነግሩን ይበቃል፤ ካልሆነ የእሱን እናደርጋለን» አለቻት። እማዬ ራሷን ነቀነቀች፤ እሺ ማለቷ ይሁን እምቢ አልታወቀም።

አርብ ደረሰ። ፀጉር ቤቱን ለደንበኛ ዘጋሁና ፀጉሯን ላጥባት አመጣኋት። እውነቱን ለመናገር ፀጉሩ ምክንያት ነው፤ ራሷን ገንዳ ላይ ካስተኛኋት ተነስታ አትሄድብኝም ብዬ ነው። ለብ ያለ ውሃ አፈሰስኩባት፣ ሳሙናውን አረፋ አደረግሁ፣ ጀመርኩ።

«እማዬ፣ ዛሬ አርብ ነው።»

«አውቃለሁ።»

«ዝም ካልሽ ልጅሽ ለዘላለም ስም አልባ ሆኖ ይቀራል።»

«እሺ፣ ሰማሁ።»

«አልሰማሽም! አባዬ ሲለምንሽ አልሰማሽም፣ እኔን ትሰሚያለሽ? ምን ዓይነት ልብ ነው ያለሽ? ድንጋይ እንኳ ውሃ ሲወርድበት ይሸረሸራል!» እጄ ፀጉሯ ውስጥ ነው፣ አፌ ግን አልቆመም። «በቂምሽ ገደልሽው!»

ዓይኗን እንደ ጨፈነች «ጠፍቶኛል» አለች።

«ምኑ?»

«ስሙ። ጠፍቶኛል ልጄ።»

ውሃው ዝም ብሎ ይፈስ ነበር፤ ዘጋሁት።

«አባትሽ ከመታመሙ በፊት ነው። ልብስ ሳጣጥፍ፣ እንደ ልማዴ በሆዴ ልጠራው ስል፣ የለም። ይመጣል ብዬ ጠበቅሁ። እስከዛሬ አልመጣም። ሆድ ይፍጀው፣ ሆድ ይፍጀው ስል፣ ሆዴ ፈጀው መሰለኝ።»

«አንዳች ነገር አታስታውሽም?»

«ትርጉሙን ብቻ። አትሂድብኝ ማለት ነው። እዚሁ ሁንልኝ፣ ኑርልኝ፣ እንደዚያ ያለ።»

የማውቀውን ስም ሁሉ ደረደርኩላት፤ የደንበኞቼን ባሎች፣ የጎረቤት ልጆችን፣ በሬዲዮ የሰማሁትን ሳይቀር። እያንዳንዱን እንደ ጫማ ለካ ለካ እያደረገች «እሱ አይደለም» ትላለች። አንዱ ላይ ቆም ብላ አሰበችና ተስፋ አደረግሁ። ከዚያ እሱንም አይደለም አለች። አንዱን መርጠን ብንሰጣቸውስ ማን ያውቃል አልኳት። «እኔ አውቃለሁ» አለች። «ሌላ ልጅ ይሆናል። የእኔን ልጅ በሌላ ሰው ስም አልጠራውም።»

ፀጉሯን አለቀለቅሁ፣ ፎጣ ጠመጠምኩላትና ቀና አድርጌ አስቀመጥኳት። ያኔ ነው የመጨረሻው ቀን ትዝ ያለኝ፤ መስኮቱ፣ የአባዬ እጅ።

«ታዲያ ለአባዬ ለምን አልነገርሽውም? ጠፋኝ ብትይው ምን ነበረበት?»

«ምን ልበለው?» አለችኝ፤ አሁን ዓይኗን ከፍታ በመስታወቱ ውስጥ ነው የምታየኝ። «ዕድሜህን ሙሉ የለመንከኝን ጣልኩት ልበለው? ልጁን ሁለተኛ ልግደልበት? ክፉ ናት ብሎ ይሂድ አልኩ። በእኔ ቢያዝን ይሻላል፤ ስሙ አንድ ቦታ አለ ብሎ ይሂድ።»

በፎጣው ጫፍ ጆሮዋ ላይ የቀረውን ሳሙና ጠረግሁላት።

«ደግሞ እኮ ታርቄው ነበር» አለች። «አሁን አይደለም፣ ድሮ። አንቺ ትምህርት ቤት ሳትገቢ። ስምሽን ጮኾ ሲያወጣ፣ እንደዚያ እየተንቀጠቀጠ ሳየው ነው ልቤ የራራለት። ስሙን ልነግረው ቀን እየመረጥኩ ነበር። ዛሬ ደክሞታል፣ ዛሬ ተናዷል እያልኩ። በኋላ ደግሞ መድኃኒቱ ተሠርቶ ይለቅና በደስታ እነግረዋለሁ አልኩ።»

ከኋላዋ ሆኜ አቀፍኳት። ፎጣው ተፈቶ ውሃው በደረቴ ወረደ። እኔም አለቀስኩ፣ እሷም አለቀሰች፤ ሁለታችንም ለማን እንደሆነ አልለየንም። ያን ሁሉ ዓመት ስሜን ስጠላ፣ እሷ በዚያ ስም ይቅር ብላው ነበር፤ እሱ ግን አያውቅም።

ስልኩ ጮኸ። ዳይሬክተሯ ናት። ድምፁን ለሁለታችንም እንዲሰማ አደረግሁትና ላወራ ስል እማዬ ከእጄ ወሰደችውና «ሃሎ» አለች።

«እንደምን ዋሉ እትዬ፣ ስሙን ልንጠይቅ ነበር።»

«የአባቱን አድርጉት» አለች እማዬ። «የአባቱ ስም አይጠፋኝም።»

«እሺ እትዬ። ግን እሱ የልጁን ነበር አደራ ያለኝ። እርግጠኛ ነዎት?»

እማዬ ስልኩን በሁለት እጇ ያዘችው።

«ታርቄው ነበር በይው» አለቻት።

«አቤት? ለማን ልበል እትዬ?»

ከፀጉሯ የሚንጠባጠበው ውሃ ስልኩ ላይ ይወርዳል፣ ዳይሬክተሯ «እትዬ? እትዬ፣ ይሰማዎታል?» ትላለች፣ እናቴም ስልኩን ጆሮዋ ላይ እንደ ያዘች የአባዬን «ይሁን» ትጠብቃለች።