ከሲኒው ሥር

ወይዘሮ ዓለምፀሐይ ስድስቱን የፖርሴሊን ሻይ ሲኒዎች ቡፌው ውስጥ ከቆለፉባቸው አሥራ አንድ ዓመት ሞላ። ለጥምቀት አልወጡ፣ ለፋሲካ አልወጡ። እንግዳ ቢመጣ በብርጭቆ ይጠጣል።

ታዲያ ሠዓሊዋ ልጃቸው ሄርሜላ ብትዳፈር ምን ይፈረድባታል? እናቷ ለፍልሰታ ሱባኤ እንጦጦ ማርያም ሲገቡ ቁልፉን ከትራስ ሥር አውጥታ፣ ሲኒዎቹን ገልብጣ፣ በየቂጣቸው ላይ የቁስቋም ሰፈር ጎረቤቶቿን በቀጭን ብሩሽ ሣለች። ቀለሙ እንዳይለቅ ኦቭን ውስጥ ጋገረችና ሲበርዱ እንደነበሩ ደረደረቻቸው። የሲኒ ቂጥ ማን ያያል ብላ።

ዛሬ የፍቅረኛዋ የዮናስ ሽማግሌዎች ሊጠይቋት መጡ። እናቷም ቡፌውን ከፈቱ።

ሽማግሌዎቹን የሚመሩት የዮናስ አጎት፣ ጎረቤታቸው አቶ ግዛቸው ናቸው። በትንሽ በትልቁ ያኮርፋሉ፤ ካኮረፉ ደግሞ ነገሩን ሁሉ ጥለው ይወጣሉ። በእድር ስብሰባ መሀል አገጫቸውን ከዘራቸው ላይ አስደግፈው፣ አፋቸውን ከፍተው ሲተኙ ከአንዱ ሲኒ ሥር ሥላቸዋለች። እናቷ ማንንም ሳያስነኩ ራሳቸው ቀድተው ራሳቸው ሲያድሉ፣ መያዣ ጆሮዋ ላይ ሰማያዊ የቀለም ጠብታ የቀረባት ያቺው ሲኒ አቶ ግዛቸው ፊት አረፈች።

ደግነቱ ሽማግሌ መልስ ሳያገኝ አይቀምስም። ሄርሜላ ጓዳው በር ላይ ቆማ እናቷ እሺ እንዲሉም፣ እሺ እንዳይሉም ጸለየች። ዮናስን ትወደዋለች፤ በሲኒ ምክንያት ልታጣው ነው።

"እንግዲህ እሷ ከወደደችው እኔም ወድጃለሁ" አሉ እናቷ።

አቶ ግዛቸው ደስ ብሏቸው ሻዩን ቀና ብለው ጨለጡት። ፊት ለፊት የተቀመጡት ወይዘሮ ዓለምፀሐይ የሲኒውን ሥር አዩና ትን አላቸው። አቶ ግዛቸው ነገሩ ገርሟቸው ሲኒውን ገለበጡት። ሥዕሉን ወደ ዓይናቸው አስጠግተው አዩት።

"እኔ ስብሰባ ላይ አልተኛም" አሉ በመጨረሻ።

"ማንኮራፋት አይሣልም እንጂ እሱም ነበር" አሉ አጠገባቸው ያሉት ሽማግሌ፣ አቶ አድነው።

የአቶ ግዛቸው ትከሻ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ሄርሜላ ተቆጡ ብላ ዓይኗን ጨፈነች፤ ስትገልጥ እንባቸው እስኪመጣ እየሳቁ ነው።

"ከዘራዬን እንኳ አልረሳችውም እኮ! በቃ፣ ይቺን ሲኒ ለባለቤቴ ይዤላት ልሂድ።"

ወይዘሮ ዓለምፀሐይ ብድግ አሉ።

"አቶ ግዛቸው፣ ልጄን ሰጥቻለሁ። ሲኒውንም ካሉ ግን ሁለቱንም አልሰጥም።"

አቶ ግዛቸው ሲኒውን ቀስ አድርገው ቦታው መለሱ።