ክፍት የተተወው መስመር

«ስምሽንና ፊርማሽን ብቻ። ቀኑን ተዪው፣ እኔ እሞላዋለሁ» አሉ አቶ ፀሐዩ፣ ሰፊውን መዝገብ ወደ እምነት እያዞሩ።

እምነት እስክሪብቶውን ተቀበለች እንጂ አልጻፈችም። ከመዝገቡ አጠገብ ያለው ደብዳቤ የእሷ ነው፤ የሒሳብ መምህርት ሆና በቋሚነት መቀጠሯ ጸድቋል ይላል። ለዚህች አንዲት ወረቀት ዘጠኝ ወር ሙሉ አቶ ፀሐዩ የሚሠሩበትን የትምህርት ቢሮ ደጅ ጠንታለች። አንድ ቀን ፋይሏ ኮሚቴ ጋ ነው፣ ሌላ ቀን ፈራሚው ስብሰባ ላይ ናቸው። ሲመርራት ከአምስት ባልደረቦቿ ጋር ሆና ቢሮውን በአስተዳደር ፍርድ ቤት ከሰሰች። ቀጠሮው ሐሙስ ነው፤ ዛሬ ማክሰኞ። ዘጠኝ ወር የጠፋ ደብዳቤ ለችሎት ሁለት ቀን ሲቀረው «ነይ ውሰጂኝ» ሲል፣ ያልጠረጠረ ተመነጠረ ነው ነገሩ።

የደብዳቤውን ራስጌ ደግማ አየችው። መስከረም 22።

«አቶ ፀሐዩ፣ ይሄ መቼ ነው የወጣው?»

«እንደምታዪው ነዋ፣ መስከረም።»

«ታዲያ እስከ ዛሬ የት ነበር?»

«እናንተ ሳትወስዱት!» ብለው ሳቁ። ሳቃቸው አልጣማትም። «ባክሽ ቲቸር፣ ላንቺው ብዬ ነው። በጀት ሰኔ ሠላሳ ይዘጋል። መደቡ ከታጠፈ፣ ክሱን ብትረቺ እንኳ የምትቀጠሪበት ቦታ የለም።»

ይሄን ታውቃለች፤ ያስፈራትም ይኸው ነው። ኮንትራቷ የሚያበቃው በዚያው ቀን ነው። ባሏ ጀቤሳም ጠዋት ወደ ቂሊንጦ የሚሄደውን የሥራ ሰርቪስ ሊይዝ ሲወጣ «የከሰስሽበትን ነገር ሲሰጡሽ እምቢ እንዳትዪ» ብሏታል።

ጎንበስ ብላ መዝገቡን አየች። የወጪ ደብዳቤዎች መዝገብ ነው፤ የተገለጠው የመስከረም ገጽ። ከላይና ከታች ያለው ጽሑፍ ደብዝዟል፤ መሐል ላይ ግን ስድስት መስመር ትናንት የተጻፈ ይመስላል። አክስቷ አሰጋሽ ሃያ ዓመት መዝገብ ቤት ስለሠራች ዘዴውን ከልጅነቷ ጀምሮ ሰምታዋለች፤ በየገጹ ጥቂት መስመር ለክፉ ቀን ክፍት ይተዋል፤ የዘገየ ደብዳቤ ሲመጣ እዚያ ይገባና በጊዜው የወጣ ይመስላል።

ስድስቱ መስመሮች የስድስቱ ከሳሾች ናቸው። ከእሷ መስመር ቀጥሎ የሐናን መስመር አለ፤ የተቀባይ ስምና ፊርማ ሰፍሮበታል። የቀኑ ሣጥን ባዶ ነው።

ሐናን! የክሱን ማመልከቻ የጻፈችው፣ «ማንም ብቻውን ቢሮ እንዳይገባ» ብላ ያስማለቻቸው ሐናን። ትናንት ማታ ሳሪስ አቦ ታክሲ ሲጠብቁ ትንፍሽ አላለችም። እምነት በጣም ተናደደች።

«አንዴ ስልክ ላውራ» ብላ ኮሪደር ወጣችና ለነቢዩ ደወለች። እሱም ከከሳሾቹ አንዱ ነው።

«ነቢዩ፣ ቢሮ ጠርተውኝ መጥቻለሁ።»

«ብቻሽን?» ድምፁ ወዲያው ተለወጠ። «ፈረምሽ እንዴ?»

«አልፈረምኩም።»

«እምነት፣ እውነቱን ንገሪኝ።»

«አልፈረምኩም አልኩህ! ሐናን ግን ፈርማለች። ቀኑን ክፍት እንድትተወው አድርገዋታል።»

«አለቀልን። አንዷ በመስከረም ወስዳለች ካሉ፣ ደብዳቤው ወጥቶ ነበር፣ አልዘገየንም ይላሉ። አንቺ አትንኪው፣ ውጪ!»

ስልኩን ዘጋች። እሱስ ተጠርቶ ቢሆን ይነግራት ነበር? እንጃ። ጥርጣሬ አንዴ ከገባ ማንንም አይምርም። አንድ ነገር ግን ግልጽ ነው፤ እሷ ጥላ ብትወጣ የሐናን ሣጥን ዛሬውኑ በመስከረም ቀን ይሞላል።

ተመልሳ ገባችና ተቀመጠች። ስሟን ጻፈች፣ ፈረመች። ከዚያ ሰሌዳ ላይ እንደምትጽፈው አድርጋ፣ በትልልቁ፣ የራሷንም የሐናንንም ሣጥን በሚሸፍን ፊደል፣ የዛሬውን ቀን፣ «ሰኔ አሥራ አራት ቀን» ብላ ጻፈች።

አቶ ፀሐዩ ከወንበራቸው ብድግ አሉ። «ምን አደረግሽ አንቺ! ይሄ ገጽ ቁጥርና ማኅተም ያለው ነው፣ አይቀደድ፣ አይለወጥ!»

«አውቃለሁ። ቀኑን ነው የሞላሁት።»

ደብዳቤውን ከፊቷ አነሱና መሳቢያ ውስጥ ከተው ቆለፉበት። «እንግዲያው ለማስተካከያ ይመለሳል። ከሰኔ ሠላሳ በፊት ከመጣ ዕድልሽ ነው።»

ለጀቤሳ ምን ብላ እንደምትነግረው አላወቀችም። ደረጃውን ወርዳ ግቢው በር ላይ ቆመችና ስልኳን አወጣች። መጀመሪያ የደወለችው ለሐናን ነው።

«ሄሎ?» አለች ሐናን፣ በፈራ ድምፅ።

«ቀኑን ሞልቼልሻለሁ» አለቻት እምነት። «ሐሙስ እንዳትቀሪ፤ ከጎኔ ነው የምትቀመጪው።»