ከአድማሴ ጋር የተቋጠርኩበት ቀን

የባሌ ወንድም አድማሴ እገድልሻለሁ ያለኝ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ፣ ሰው ሁሉ እየሰማ ነው። ባሌ ንብረት በበሽታ ከሞተ ዓመት አልሞላውም ነበር። አድማሴ ደግሞ ባንዳ ገብቶ ጣሊያን ጠመንጃ አስታጥቆታል። “የወንድሜን መሬት ለቀሽ ካልሄድሽ ለመስቀል አትደርሺም” አለኝ። የሰማው ሰው ሁሉ አቀርቅሮ የገዛ እግሩን አየ። እስከ ዛሬ ከአድማሴ ይልቅ የሚያናድዱኝ እነዚያ ያቀረቀሩት ናቸው።

በማግስቱ በማለዳ ቡሬ፣ ዳኛው ግራዝማች ይሄይስ ዘንድ ቀረብኩ።

“ጌታዬ፣ ይህ ሰው ሊገድለኝ ነው። ዘብ ይታዘዝልኝ።”

አድማሴ ተጠርቶ መጣና ሳቀ። ግራዝማች ግን ዘብ ማዘዝ የሚችለው ዛሬ ፍኖተ ሰላም በምንላት ከተማ የተቀመጠው የጣሊያን ሹም ብቻ መሆኑን ነገሩኝ። “ለእኔ የቀረኝ ወንበሩ ብቻ ነው፣ ልጄ” አሉ።

“እዚያ እስክደርስስ ማን ያድነኛል?”

ደሜ ፈላ።

“እንግዲያው ቁራኛዬ ይሁን! የአባቶቻችን ሕግ ነው። ከሳሽና ተከሳሽ ልብስ ለልብስ ተቋጥረው ዳኛ ፊት ይሄዳሉ። ከእኔ ጋር ታስሮ ቢገድለኝ አገር ያየዋል!”

የግራዝማች ፊት ፈካ አለ። ተነሥተው የነጠላዬን ጫፍ ከአድማሴ ጋቢ ጫፍ ጋር በገዛ እጃቸው አጥብቀው ቋጠሩት። ጠመንጃውንም እሳቸው ዘንድ አስቀመጡት። አድማሴ በሰው ፊት እምቢ ማለት አፈረ። “ሹሙ እንደሆነ ወዳጄ ነው፤ ታይዋለሽ” እያለ ተከተለኝ።

በጭቃው መንገድ ሲሰድበኝ ሄደ፤ የእኔም አፍ አልቦዘነም። ማንኩሳን አለፍ እንዳልን አርበኞች ከጫካው ወጡብን። አለቃቸው ላቀው፣ አድማሴ አምና ለጣሊያን ጠቁሞ ቤቱን ያስቃጠለበት ሰው ነው። ጠመንጃውን አቀባበለ።

“እናቴ፣ ቋጠሮውን ይፍቱትና ፈቀቅ ይበሉ።”

አድማሴ ሲንቀጠቀጥ በነጠላዬ በኩል ተሰማኝ። አልዋሽም፣ እጄ ወደ ቋጠሮው ሄዶ ነበር። ግን እኔ የጠየቅሁት ዳኝነት እንጂ ሬሳ አልነበረም። ደግሞም ወንድሞቹ መንገድ መርታ አስገደለችው ብለው ደሙን ከእኔ ነው የሚፈልጉት።

“በሕግ አምላክ!” ብዬ ጮህኩ። “ቁራኛዬ ነው! ዳኛ የቋጠረውን የሚፈታው ዳኛ ነው!”

ላቀው ቋጠሮውን አይቶ አፈሙዙን ዝቅ አደረገ። “ለሕጉ ስንል ነው” አለው አድማሴን። “ስትመለስ ግን ተፈትተህ እንዳናገኝህ።”

ከዚያ በኋላ አድማሴ ስድቡን ተወ።

ፀሐይ ሳትጠልቅ የሹሙ ግቢ ደረስን። ጉዳዬን በአስተርጓሚ ነገርኩ። ሹሙ ቋጠሮውን አይቶ ሆዱን ይዞ ሳቀ፤ ጓደኞቹን ጠርቶ አሳየን፤ ፎቶግራፍ አነሣን። ከዚያ መቀስ አስመጣና ነጠላዬን ከነጥለቱ ቆረጠው።

“በመንግሥታችን ሕግ ሰው ከሰው ጋር አይታሰርም” አለ አስተርጓሚው። “ለአንዲት ባልቴት የሚሆን ዘብም የለንም። ወደየቤታችሁ ሂዱ ብለዋል።”

እንደዚያ ቀን ተናድጄ አላውቅም። ቀኑን ሙሉ የሰው ነፍስ በጥለቴ ጫፍ ጎትቼ ያመጣሁት ለሳቅ ኖሯል! የተቆረጠ ነጠላዬን ሰብስቤ ወጣሁ።

አድማሴ በሩ ላይ ደረሰብኝ። ፊቱ አመድ መስሏል።

“እትዬ እማዋይሽ” አለ። እትዬ ብሎኝ አያውቅም። “እንደገና ይቋጥሩኝ። እስከ ቡሬ ብቻ።”

“ወዳጅህ ከልክሏል።”

“በሚካኤል! መሬቱንም አልፈልግ፣ ምንም አልፈልግ! ብቻዬን ከሄድኩ ይገድሉኛል!”

“እኔም ለዳኛው ያልኩት ይህንኑ ነበር” አልኩት።

እዚያው ዘመድ ቤት አድሬ በማግስቱ ብቻዬን ተመለስኩ። አድማሴ ጣሊያን እስኪወጣ ድረስ ከዚያ ግቢ ንቅንቅ አላለም። እኔም መሬቴን አሳረስኩ።