ሦስተኛዋ ገዢ

"ዝጋው አልኩህ!" እህቱ በሩ ላይ ቆማ ጮኸች። ቴሌቪዥን ጠጋኙ ወንድሟ ግን ሪሞቱን አንስቶ ጭራሽ ጨመረው። ሦስት ስፒከር ከፊት፣ ሁለት ከኋላ፤ ያንን የድሮ ሄቪ ሜታል አልበም ሲለቁት የመስኮቱ መስታወት ተንቀጠቀጠ።

"ቤቱን ሊያዩ የመጡት ሴትዮ ደረጃው ላይ ናቸው እኮ!"

"ትምጣ። ጆሮ ካላት ራሷ ትመለሳለች።"

እናታቸው ከሞቱ ወዲህ ቤቱ የሁለቱ ነው። እሷ ይሸጥ ትላለች፤ እሱ ሌላ መግቢያ የለውም። "ገዢ ካገኘሽ እፈርማለሁ" ብሎ ቃል የገባላት ማንም እንደማይገኝ ተማምኖ ነው። ሁለት ገዢዎችን በዚሁ አልበም አባሯል፣ ተንኮለኛው!

ሦስተኛዋ ገቡ። ጡረታ የወጡ የመኪና መንዳት አሠልጣኝ ናቸው፤ ሲናገሩ ዛሬም ተማሪ ፍሬን የሚያስይዙ ይመስላል።

"ይቅርታ ያድርጉልን፣ ወንድሜን ትንሽ ነካ ያደርገዋል" አለች እህቱ፣ እየጮኸች።

እሳቸው ጥግ ካለው ሶፋ ላይ ቁጭ አሉና ዓይናቸውን ጨፈኑ። "ይኼን አልበም አውቀዋለሁ። ድሮ በካሴት የሰማሁት ይሻላል" አሉ።

በካሴት! ደሙ ፈላ። የእነዚህን ስፒከሮች አቅጣጫ በስንዝር ሲለካ የኖረ ሰው እንዴት ይቻለው?

"ታዲያ እዚያ ጥግ ተወሽቀው ምን ይሰማል! የኋላው ስፒከር ጆሮዎ ስር እኮ ነው። ይነሡ! ይነሡ እንጂ!" ክንዳቸውን ይዞ መሃል ላይ ካለችው፣ ለማንም ከማይለቃት ወንበሩ ላይ አስቀመጣቸው። "ደገፍ ይበሉ። ከበሮው ከኋላ ሲመጣ ዞር እንዳይሉ።"

ጊታሩ ከግራ ተነሥቶ በጀርባቸው ዞረና በቀኝ ወጣ።

"እሰይ!" አሉ ሴትዮዋ።

"አየሽ?" አለ ወደ እህቱ ዞሮ፣ ፊቱ በርቶ። ወዲያው ምን እያደረገ እንደሆነ ገባውና ክው አለ።

ዘፈኑ ሲያልቅ ሴትዮዋ ግድግዳውን በመዳፋቸው መታ መታ አደረጉ። "ቤቱን ወድጄዋለሁ። እወስደዋለሁ።"

እህቱ ሳቋ አመለጣት። "ዓሣ ጎርጓሪ ዘንዶ ያወጣል አሉ! ደላላ እንኳ እንዳንተ አይሸጥም።"

"አፍሽን ዝጊ!"

"ትፈርማለህ ወይስ ቃልህን ትበላለህ?"

የእናቱን ቤት በገዛ አፉ ሸጠው። የሚቀጥለው ዘፈን ሲጀምር አሠልጣኟ ተመቻችተው ተደገፉ። ሪሞቱ እጁ ላይ ነው፤ ቢያጠፋውና ሴትዮዋን ሰድቦ ቢያስወጣቸው ገና ይቻል ነበር።

"እፈርማለሁ" አለ ጥርሱን ነክሶ። "አሁን ውጪልኝ። በሩንም ዝጊው፤ ክፍት ሲሆን ድምፁ ይበላሻል።"