የልጄ አውራ ጣት

ፊልም ላይ ከፎቅ ፎቅ የምትዘለው ጀግና ልጄ ነበረች። ፊቱ ግን የእሷ አይደለም፤ የአንዲት ታዋቂ ተዋናይት ቆንጆ ፊት በኮምፒውተር ይለጥፉባታል። በመጨረሻው ዝላይ ወገቧ ተሰብሮ አልጋ ላይ ቀረች። እንዲያሳክሙልኝ ፊልሙን የሠራው ድርጅት ድረስ ሄድኩ።

ኃላፊው ወንበሩ ላይ ተንፈላሶ፣ «እማማ፣ ያንን ዝላይ ሰው አልዘለለውም፤ ኮምፒውተር ነው የሠራው» አለኝ።

«ፊደል ባልቆጥርም የወለድኩትን አልስትም። እስቲ ፊልሙን ክፈተው።»

ከፈተው።

«እጇን እይ። አውራ ጣቷን በአራቱ ጣቶቿ ውስጥ ሸጉጣለች። በልጅነቷ መርፌ ስትፈራ እንዲህ ጨብጪ ያልኳት እኔ ነኝ። ኮምፒውተርህ ማንን ፈርቶ ነው ጣቱን የሚሸጉጠው?»

ወደ ፊልሙ ጠጋ ብሎ አየና፣ «በሳምንቱ ይመለሱ» አለኝ። አፉን አስያዝኩት ብዬ ደረቴን ነፍቼ ወጣሁ።

በሳምንቱ ስመለስ ሳልጠይቀው ከፈተልኝ። ጀግናይቱ ያንኑ ዝላይ ስትዘል አምስቱም ጣቶቿ ተዘርግተዋል።

ከአፍ የወጣ አፋፍ። ፊልሙ ላይ ከልጄ የቀረችውን አንዲት ምልክት እኔው ጠቁሜ አስጠፋሁባት።

ቤት ስገባ ልጄ ዓይኗን በሩ ላይ ተክላ ትጠብቀኛለች።

«እሺ አሉ እማዬ?» አለችኝ።

አንሶላው ላይ አውራ ጣቷን ሸጉጣ ጨብጣለች።