ባልዲው አይደፋም

የስብሰባ አዳራሹን የእንጨት ወለል ሃያ ሁለት ዓመት ወልውያለሁ። የትኛው ጣውላ ሲረገጥ እንደሚንቋቋ፣ የቱ ጋ ቫርኒሹ እንደሳሳ ከጉልበቴ በላይ የሚያውቅ የለም። ስለዚህ አዲሱ የጽዳት አለቃ በመጣ በሦስተኛው ቀን ሊያስተምረኝ ሲነሳ ደሜ ፈላ።

«እትዬ፣ ይሄ ምንድነው?» አለኝ ባልዲዬን እያየ።

«ለብ ያለ ውሃ፣ ግማሽ ስኒ አቼቶ፣ ሁለት ጠብታ ፈሳሽ ሳሙና። አቼቶው ከዚህ ከበዛ ቫርኒሹን ይበላዋል።»

«ይሄ ጀርም አይገድልም። በረኪና ይጨምሩበትና ወለሉ ላይ ይድፉት። በአስር ደቂቃ ያልቃል።» ጀሪካኑን ዘረጋልኝ።

እጄን አልዘረጋሁም። «አቼቶና በረኪና ሲገናኙ የሚወጣው ትነት ሳንባ ያቃጥላል። ውሃ የተደፋበት ጣውላም ያብጣል። የእኔ ጨርቅ ጠብ እስከማይል ተጨምቆ ነው ወለሉን የሚነካው።»

«እኔ እኮ ስልጠና ወስጃለሁ!»

«ደግ አደረግህ። እኔ ግን አላደርገውም።»

በሩ ላይ ሁለት ጸሐፊዎች ቆመው ይሰሙ ነበር። ይሄ ይመስለኛል ያበሳጨው። «እምቢ ካሉ ከነገ ጀምሮ እንዳይመጡ!» አለ።

ለጡረታ የቀረኝ ስምንት ወር ነው። ቢሆንም ንቅንቅ አላልኩም። እሱ እልህ ይዞት ጀሪካኑን ከፈተና ባልዲዬ ውስጥ ገለበጠው፤ ባልዲውንም አንስቶ ሊደፋ ጎንበስ አለ።

ሽታው አፍንጫዬን ሲወጋኝ «ውጡ!» ብዬ ጮህኩ። ጸሐፊዎቹ ሮጡ። እሱን ሳል ጠፍንጎ ያዘው፤ ባልዲው ከእጁ አምልጦ ግማሹ ፈሰሰ። በክራቫቱ ጎትቼ አወጣሁት። ደግነቱ ሥራ ስጀምር መስኮቶቹን መክፈት ልማዴ ነው። ሽታው ተጠርጎ እስኪወጣ ደጅ ቆምን። እሱ ዓይኑን ያብሳል፤ እኔ ጣውላው ያን ሁሉ ውሃ ሲጠጣ እያሰብኩ እቃጠላለሁ።

ተመልሰን ስንገባ ጓንትና ደረቅ ጨርቅ ደረቱ ላይ ለጠፍኩለት።

«ከፈለግህ ነገ አባረኝ» አልኩት። «ዛሬ ግን ተንበርከክ። በእንጨቱ መስመር፣ ከግድግዳው ወደ በሩ።»

በሩ ላይ ተመልሰው የቆሙትን ጸሐፊዎች አየ። እኔን አየ። ተንበረከከ።